ሳይቀመስ የሚቀርብ ምግብ፦ የመሥዋዕትና የዝክር እህል በዛሬ ገበያ

ወጥ የሚሠራ ሰው ሁሉ ጨው ይቀምሳል። ለአምላክ የሚቀርብ ምግብ ግን በአብዛኛው ሳይቀመስ ነው የሚሰናዳው። በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን፣ በቤተልሔም (የመሥዋዕቱ ኅብስት በሚሰናዳበት ቤት) ኅብስት የሚጋግረው ዲያቆን ራሱ ቅዳሴ የሚገባ ጾመኛ ነው፤ 18 ሰዓት መጾም ያለበት አገልጋይ ከኅብስቱም ከዘቢቡም ጠብታ አይቀምስም። በደቡብ ሕንድ በቲሩማላ ኮረብታ ላይ ባለው የሂንዱው አምላክ የቬንካቴስዋራ ቤተ መቅደስ ማድ ቤትም እንዲሁ ነው፤ ምግቡ ለአምላኩ ሳይቀርብ የቀመሰው ሰው ካለ መሥዋዕትነቱ ቀረ።

ከዚህ የሚከተለው ነገር ቀላል ይመስላል፣ ግን ብዙ ጊዜ ይዘነጋል። መቅመስ ከተከለከለ የጥራቱ ቁጥጥር በሙሉ እሳት ከመንደዱ በፊት፣ በጥሬ ዕቃው ላይ ማለቅ አለበት። የጥንት ሥርዓቶች ይህን ያውቁታል። ኦሪት ዘጸአት ምዕራፍ 12 ለፋሲካ የሚታረደው ጠቦት ነውር የሌለበት፣ የአንድ ዓመት ተባት እንዲሆን ያዘዘው፣ በአሥረኛው ቀን ተለይቶ እስከ አሥራ አራተኛው እንዲጠበቅ ያደረገውም በዋዛ አይደለም። ችግሩ እነዚህ ሕጎች የተሠሩት ለዓይንና ለእጅ መሆኑ ነው። ዕውር በግ ይታያል፤ የነቀዘ ስንዴ ይዳሰሳል። የዛሬው ነውር የሚገኘው ግን በማሸጊያው ጀርባ በደቃቅ ፊደል ከተጻፈው ዝርዝር ውስጥ፣ ወይም ጨርሶ ካልተጻፈው ነገር ላይ ነው። ስለዚህ የመሥዋዕት ጉዳይ ከነገረ መለኮት በተጨማሪ የግዢ፣ የማከማቻና የወፍጮ ጉዳይ ሆኗል። የደብር አስተዳደሮች ለዚህኛው ወገን የሚሰጡት ትኩረት ግን እጅግ ትንሽ ነው።

ስንዴው

ለኅብስት የሚሆነው ስንዴ ብቻ ነው፤ ገብስም ጤፍም አይተካውም። ስንዴ፣ ውኃና እርሾ፤ ሌላ የለም። ዘይት፣ ስኳር፣ ወተት፣ እንቁላል አይገባበትም። በገጠር ደብሮች ስንዴው በሰፌድ ተበጥሮ፣ በእጅ ተለቅሞ፣ ታጥቦ፣ በንጹሕ ጨርቅ ላይ ደርቆ ለዚሁ ብቻ በተለየ ወፍጮ ይፈጫል። ለቀማው ለወጉ ያህል የሚደረግ እንዳይመስል። ከስንዴ መካከል የሚበቅለው እንክርዳድ ራስ እስኪያወጣ ድረስ ከስንዴው አይለይም፤ ፍሬው ቀጠን ብሎ ጠቆር ይላል፤ በፍሬው ውስጥ ከሚኖር ፈንገስ የተነሳም በዛ ብሎ ከተፈጨ ራስ ያዞራል፣ ያስመልሳል። የእርሻውን ስንዴ የሚያውቁ እናቶች ሲለቅሙ መጀመሪያ የሚፈልጉት እሱን ነው።

በከተማ ያለው አደጋ ሌላ ነው። ምእመናን መባ አድርገው የሚያመጡት ስንዴ ከየት እንደመጣ አይታወቅም። ሮዝ ወይም ቀይ ቀለም የነካው ስንዴ የዘር ስንዴ ነው፤ በፀረ ፈንገስ መድኃኒት የተነከረ ስለሆነ ታጥቦም አይበላም፤ ጭራሽ ከዕቃ ቤት መግባት የለበትም። በነቀዝ መድኃኒት ታጥኖ የተቀመጠ እህልም አለ። የመድኃኒቱ እንክብል እርጥበት ሲነካው መርዛም ጋዝ ያወጣል፤ ስለዚህ የታጠነ ጆንያ ሰው በሚያድርበት ክፍል አይቀመጥም፣ ተከፍቶ በቂ አየር ሳያገኝም አይፈጭም። አመድ መሰል ግራጫ ዱቄት ከፍሬው መካከል ከታየ እንክብሉ እዚያው ውስጥ መቀመጡን ያመለክታል። ያኔ ጆንያውን እንዳለ ማስወገድ ይሻላል እንጂ ማበጠሩ አያዋጣም። ሰጪውን “ከየት ገዛኸው? መድኃኒት ነክቶታል?” ብሎ መጠየቅ ነውር የሚመስላቸው ገበዞች አሉ፤ አለመጠየቁ ይብሳል።

ወፍጮው ደግሞ የራሱ ጣጣ አለው። የሰፈር ወፍጮ ጠዋት ሽሮ፣ ከሰዓት በርበሬ ሲፈጭ ውሎ ነው የቤተ ክርስቲያኑን ስንዴ የሚቀበለው። በድንጋዩና በማስተላለፊያው የሚቀረው ቅሪት ዱቄቱን ያቀላዋል፣ ሽታ ይሰጠዋል፤ ኦቾሎኒ ወይም ሰሊጥ ተፈጭቶበት ከሆነ ቅባትም ይጨምርበታል። መፍትሔው የታወቀ ነው፦ ወፍጮው ተጠርጎ ጥቂት ስንዴ በቅድሚያ ይፈጭበታል፤ መጀመሪያ የወጣው ዱቄት ለብቻ ተይዞ ለሌላ ጉዳይ ይውላል፣ ለመሥዋዕት የሚሆነው ከዚያ በኋላ የሚወርደው ነው። ትንሽ የኤሌክትሪክ ወፍጮ ገዝቶ በቤተልሔሙ ማስቀመጥ ከዚህ ሁሉ ያሳርፋል። ጃንጥላና መጋረጃ ከሚለግሱ ምእመናን መካከል ወፍጮ ለመስጠት የሚያስብ ብዙ አለመኖሩ ግን ይገርማል።

በውጭ አገር ዱቄቱ ከሱቅ ይገዛል። በብሪታንያ ነጭ የስንዴ ዱቄት ካልሲየም፣ ብረት፣ ታያሚንና ናያሲን እንዲጨመርበት ሕግ ያስገድዳል፤ ከነገለባው የተፈጨው ዱቄት ከዚህ ነፃ ነው። በአሜሪካም “የበለጸገ” ተብሎ የሚሸጠው ዱቄት ብረትና ቪታሚን ቢ፣ ከ1998 ወዲህም (ይህም ሌሎቹም ዓመቶች እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ፎሊክ አሲድ የገባበት ነው። ይህ ስንዴነቱን ያጠፋል ወይ የሚለውን መወሰን የሊቃውንት ድርሻ ነው። ያለ ጥርጥር የሚከለከለው በራሱ ኩፍ እንዲል ተደርጎ የሚሸጠው ዱቄት ነው፤ ቤኪንግ ፓውደር፣ አንዳንዴም ጨው አብሮ ታሽጎበታል፣ ከረጢቱ ደግሞ ከሌላው ጋር በጣም ይመሳሰላል። በከረጢት የሚሸጥ ደረቅ እርሾም በጀርባው ቢነበብ በብዛት ኢ491 የሚባል ማቀላቀያ ይገኝበታል። ካለፈው ሊጥ ቀንሶ ለእርሾ ማቆየት የቆየ ዘዴ ነው፤ ጥያቄውንም ያስቀራል።

መጋገሩ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ 2,300 ሜትር አካባቢ ናት፤ በዚህ ከፍታ የአየሩ ግፊት ስለሚቀንስ ሊጥ ቶሎ ኩፍ ይላል። እዚያ የተማረ ዲያቆን ዝቅ ባለና በሞቃት ከተማ ወይም ማሞቂያ ባደረቀው የአውሮፓ ምድር ቤት ሲጋግር በለመደው ሰዓት ከሄደ ይሳሳታል። ከልክ በላይ ኩፍ ያለ ሊጥ የመስቀሉን ማኅተም ይውጠዋል፤ ምልክቱ ተድቦልቡሎ ቅርጽ ያጣል። ያልቦካው ደግሞ ጎኑ ይሰነጠቃል። በአክንባሎ የተከደነ ምጣድ እንፋሎቱን ይዞ ያቆያል፤ የኤሌክትሪክ ምድጃ ግን አየሩ ደረቅ ነው፣ ቅርፊቱ ውስጡ ሳይበስል ይጠነክርና ይነቃል። ከሥር ውኃ የያዘ ሳህን ማስቀመጥና ማኅተሙን ወደ ምድጃ ሊገባ ሲል አጥብቆ መምታት ይበቃል። ነቅ ያለበት ኅብስት ወደ መቅደስ አይገባም፤ አንድ ብቻ ጋግሮ የተሰነጠቀበት ሰው በቅዳሴ ሰዓት ምን እንደሚያደርግ መገመት አያዳግትም። ትርፍ የሚጋገረው ለዚህም ነው፤ ያልተሠዋው በኋላ አውሎግያ ሆኖ ለሕዝቡ ይታደላል።

ዘቢቡ

የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን በዘቢብ ጭማቂ መቀደሷ አዲስ ነገር አይደለም። ከ1520 እስከ 1526 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በአገሪቱ የቆየው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ በዘቢብ ውኃ እንደሚቀደስ ጽፎ አልፏል። ወይን በሁሉም አውራጃ አይበቅልም፤ ዘቢብ ግን ደርቆ በግመልም በመርከብም ይጓዛል፣ ይቆያልም። ሥራው ሲነገር አጭር ነው፦ ይለቀማል፣ ይታጠባል፣ ይዘፈዘፋል፣ ይጨመቃል፣ ይጠለላል። ነገሩ የሚበላሸው በዝርዝሩ ነው።

ምጥኑን እንያዝ። አንድ ኪሎ ዘቢብ የሚወጣው ከአራት ኪሎ ገደማ ትኩስ ወይን ነው፤ ፀሐይ የወሰደችው ወደ ሦስት ኪሎ የሚጠጋ ውኃ ነው ማለት ነው። እንግዲያው ለአንድ ኪሎ ሦስት ሊትር ውኃ ከተሰጠ ወደ ወይንነቱ ቀረብ ይላል፤ አምስትና ስድስት ሊትር ከፈሰሰበት ቀለሙ የገረጣ፣ ጣዕሙ የሳሳ ፈሳሽ ነው የሚገኘው። ዘቢብ ሲወደድ የሚቀጥነው ጽዋው ነው፤ ማንም አስቦበት ሳይሆን “ትንሽ ውኃ ጨምርበት” እየተባለ። በሚዛን መሥራት ይህን ያስቀራል። በእፍኝ መስፈር ግን እንደ ሰውየው እጅ ነው።

ጊዜውም እንዲሁ ነው። በዋዜማው የተዘፈዘፈ ዘቢብ ደጋ ላይ እስከ ጠዋት ደህና ያድራል። በቆላ፣ በባሕረ ሰላጤው አገሮች ሙቀት፣ ወይም ማሞቂያ ሥር ከተቀመጠ ግን በቅርፊቱ ላይ ያለው ተፈጥሯዊ እርሾ ይነቃና አረፋ ያወጣል። ከዚያ አልፎ ከቆየ የሚመጣው ኮምጣጤ ነው፤ ይህን ደግሞ ጾመኛው ዲያቆን ቀምሶ ሊያውቀው አይችልም። የቀረው ማሽተትና ማየት ነው፦ ስለት ያለው ሽታ፣ በላዩ የተንሳፈፈ አረፋ፣ ወደ ላይ የወጡ ፍሬዎች። በማቀዝቀዣ ማሳደር ነገሩን ይፈታል፤ ማቀዝቀዣው ግን ሥጋና ዓሣ የሚገባበት የአዳራሹ ማቀዝቀዣ ባይሆን ደግ ነው።

ትልቁ ጣጣ ያለው ከፓኬቱ ላይ ነው። በሱቅ የሚሸጥ ዘቢብ ሁሉ አንድ አይደለም። ጠቆር ያለው፣ በፀሐይ የደረቀው የአሜሪካ ዘቢብ ብዙ ጊዜ ሌላ ነገር ሳይነካው ይደርቃል፣ ሲታሸግ ግን ፍሬው እንዳይጣበቅ ጥቂት የአትክልት ዘይት ሊረጭበት ይችላል። የቱርክ ሱልጣኒያ ከመድረቁ በፊት ፖታሲየም ካርቦኔትና ዘይት ባለበት ውኃ ይነከራል፤ ቅርፊቱን አሳስቶ ቶሎ እንዲደርቅ ያደርገዋል። ወርቃማው ዘቢብ ደግሞ በሰልፈር ዳይኦክሳይድ ታጥኖ ነው ቢጫነቱን የያዘው፤ በማሸጊያው ላይ ኢ220 ተብሎ ይጻፋል። ለስለስ ብሎ እንዲቆይ የተደረገው ዓይነት ኢ202 ሊኖርበት ይችላል፤ ይህ መፍላትን የሚከላከል ማቆያ ነው።

ዘይቱ በዓይን ይታያል። ያልታጠበ ዘቢብ ተዘፍዝፎ ሲያድር በውኃው ፊት ላይ ብርሃን ሲያርፍበት ቀስተ ደመና የሚመስል ስስ ሽፋን ይሠራል፤ ተጠልሎ በጽዋ ውስጥም ቢሆን ጠርዝ ጠርዙን እንደ ትንንሽ ክብ ሆኖ ይታያል። ለብ ባለ ውኃ፣ ውኃውን እየለዋወጡ፣ በእጅ እያሹ ማጠብ አብዛኛውን ያወጣዋል። ፈላ ያለ ውኃ አይሆንም፤ ቅርፊቱን ያፈነዳና ጣፋጩ ከእጣቢው ጋር ይፈስሳል። ሰልፈሩ ግን በማጠብ አይወጣም፣ ወደ ውስጥ የገባ ነው፤ ስለዚህ ወርቃማውን ዘቢብ መግዛቱ ከመነሻው ይቅር። ዋጋውም ይበልጣል፤ ብዙ ሰው ለመባ የሚመርጠው “ያማረውን ለእግዚአብሔር” ብሎ ነው፣ በቅን ልብ።

ሌላም ስህተት አለ። በፍሬው ላይ ነጭ ነገር ሲያዩ “ሻግቷል” ብለው ሙሉ ካርቶን የሚጥሉ አሉ። የጠጠረ ስኳር ከሆነ በጣት ሲታሽ ይሻክራል፣ በለብታ ውኃም ይሟሟል። ሻጋታ ግን ጠጉራም ነው፣ ወደ ግራጫ ወይም አረንጓዴ ያደላል፣ የምድር ቤት ሽታ አለው። የመጀመሪያው ምንም አይደለም፤ ሁለተኛው ከታየ አጎራባቹም አይቀርም፣ ፓኬቱ በሙሉ ይወገዳል።

ለዚህ ሁሉ የሚረዳው አንድ ገጽ ወረቀት ነው። በዕቃ ቤቱ በር ላይ “ለመባ የሚሆነው ዘቢብ፦ ጥቁር፣ በዝርዝሩ ላይ ወይን ብቻ የተጻፈበት” ተብሎ ቢለጠፍ፣ ከማሸጊያው ጋር ቢታይ፣ ከደጀ ሰላሙ የሚገባው ነገር በሁለትና በሦስት ወር ይለወጣል። ሰባኪ በዐውደ ምሕረት ቆሞ ስለ መባ ታላቅነት ሲያስተምር ሁለት ደቂቃ ለዚህ ቢሰጥ ምን ይጎድልበታል?

ጉዳዩ የእኛ ብቻ አይደለም። በ2017 ቫቲካን ለጳጳሳት በጻፈው ደብዳቤ፣ ቀድሞ በገዳማት የሚጋገረው ኅብስትና የሚጠመቀው ወይን ዛሬ በሱፐርማርኬትና በኢንተርኔት ስለሚሸጥ ጥራቱን የመከታተል ኃላፊነት የጳጳሱ መሆኑን አስታውሷል። በዚያው ደብዳቤ ግሉተን (በስንዴ ውስጥ ያለው ፕሮቲን) ጨርሶ የሌለው ኅብስት ለቁርባን እንደማይሆን፣ ግሉተኑ የተቀነሰው ግን እንደሚፈቀድ ተገልጿል። ግሉተን የማይስማማቸው ምእመናን በእኛም ደብሮች አሉ፤ በየቤታቸው “ካልቆረብኩ” እና “ከቆረብኩ እታመማለሁ” በሚል ተጨንቀው ከመቅረት ለንስሐ አባታቸው ቢነግሩ መልካም ነው። ካህኑ ሳያውቅ የሚያደርገው ነገር የለም።

የቲሩማላ ላዱ

መቅመስ የማይቻልበት ማድ ቤት በአቅርቦት በኩል ሲከዳ ምን እንደሚሆን የ2024ቱ የቲሩማላ ጉዳይ ጥሩ ማሳያ ነው። የዚያ ቤተ መቅደስ ላዱ ከሽምብራ ዱቄት፣ ከስኳር፣ ከነጠረ ቅቤ፣ ከካሹ፣ ከዘቢብና ከሄል የሚሠራ ክብ ጣፋጭ ነው። ለአምላኩ ቀርቦ ለተሳላሚው ይሰጣል፤ በቀን 300 ሺህ ያህል ይሠራል። በ2009 የመልክዐ ምድር መለያ መብት አግኝቷል፤ ሌላ ሰው በዚያ ስም መሸጥ አይችልም። የምጥኑ ዝርዝር በጽሑፍ የተቀመጠ ነው፣ ሠራተኞቹ የተመረጡ ናቸው፣ ማድ ቤቱ የተከለለ ነው። በዓይንና በእጅ የሚጠበቀው ሁሉ ተጠብቋል ማለት ነው።

በመስከረም 2024 ቤተ መቅደሱ ያለበት የአንድራ ፕራዴሽ ክልል ዋና ሚኒስትር ቻንድራባቡ ናይዱ ቀድሞ በነበረው አስተዳደር ጊዜ ቅቤው የእንስሳት ጮማ ተቀላቅሎበት ነበር ሲሉ ተናገሩ። የላቦራቶሪ ውጤት ለሕዝብ ቀረበ፤ የቀድሞው ገዢ ፓርቲም አቅራቢውም አስተባበሉ። ቤተ መቅደሱ የማንጻት ሥርዓት አደረገ። በመስከረም ማብቂያ ነገሩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ ጥቅምት 4 ቀን (በአውሮፓውያን) ፍርድ ቤቱ የማዕከላዊ ምርመራ ቢሮ፣ የክልሉ ፖሊስና የምግብ ደኅንነት ባለሥልጣን ያሉበት ልዩ መርማሪ ቡድን አቋቋመ። በየካቲት 2025 አራት ሰዎች ተይዘዋል።

ከፖለቲካው ይልቅ ቴክኒኩ ይጠቅመናል። ፍተሻው የተመሠረተው በወተት ቅባት ውስጥ ባሉት፣ ትራይግሊሰራይድ በሚባሉት የቅባት ዓይነቶች ምጣኔ ላይ ነው፤ ቁጥሩ ከታወቀው ወሰን ሲወጣ ባዕድ ቅባት እንዳለ ይጠቁማል። ላቦራቶሪው ራሱ ግን ላሟ የአትክልት ዘይት የበዛበት መኖ ከበላች፣ ወይም ተርባ ከሆነ ቁጥሩ ያለ ማጭበርበርም ሊዛባ እንደሚችል ጽፏል። ስለዚህ ውጤቱ ጥርጣሬን አጠናከረ እንጂ ዓይነቱን ለይቶ አላረጋገጠም። ማንም ላቦራቶሪ ሳያስፈልገው ሊያየው የሚችለው ምልክት ግን ነበር፦ ቅቤው በኪሎ 320 ሩፒ ገደማ ነበር የተገዛው፣ ይህም የላም ቅቤ ከሚያወጣው ዋጋ በእጅጉ ያነሰ ነው። ዝቅተኛውን ዋጋ ለሰጠ የሚል የጨረታ ሥርዓት ለመሥዋዕት ዕቃ ሲሠራ ውጤቱ ይህ ነው። በአገራችን ገበያ ቅቤ በአትክልት ቅባትና በሙዝ፣ ማር በስኳር እንደሚደለል የማያውቅ የለም፤ ዋጋው ከሰፈሩ ዋጋ ወረድ ያለ ዕቃ ለቤተ መቅደስ ሲቀርብ “በረከት ነው” ብሎ ከመቀበል በፊት ምክንያቱን መጠየቅ ይገባል።

ኡድሒያ፦ ነውሩን በእጅ መፈተሽ

ቁርዓን በሱረቱ አል ሐጅ (22፥37) ሥጋውም ደሙም አላህ ዘንድ እንደማይደርስ፣ የሚደርሰው የሰዎቹ ፍርሃተ አላህ መሆኑን ይናገራል። ያም ሆኖ ለኡድሒያ፣ ማለትም በዒድ አል አድሐ (አረፋ) ለሚታረደው መሥዋዕት፣ የእንስሳው ጥራት ሕግ ጥብቅ ነው። ፍየል ዓመት፣ ከብት ሁለት ዓመት፣ ግመል አምስት ዓመት የሞላው፤ በግ ደግሞ ከዓመት በታች ቢሆንም ስድስት ወር አልፎት ከዓመቶቹ መካከል ሲገባ የማይለይ ከሆነ ብዙ ሊቃውንት ይፈቅዱታል። አንድ ዓይኑ በግልጽ የጠፋ፣ በግልጽ የታመመ፣ በግልጽ የሚያነክስ፣ አጥንቱ ቅልጥም እስኪያጣ የከሳ አይሆንም። መታረድ ያለበት ከዒድ ሶላት በኋላ ነው፤ ከሶላቱ በፊት የታረደ ተራ ሥጋ ነው።

ዕድሜ የሚታወቀው በጥርስ ነው። በግና ፍየል በዓመትና በዓመት ተኩል መካከል ሁለቱን የፊት የወተት ጥርሶች ይለውጣሉ፤ ከብት ሁለት ዓመት አካባቢ። ከንፈሩን ገልጦ ሁለት ሰፋፊ ጥርስ ካየ ገዢው ዕድሜውን አረጋግጧል፤ ነጋዴው ስለ ዕድሜ የሚምለውን መስማት አያስፈልገውም። ሆዱ የተነፋ በግ ሁሉ የወፈረ አይደለም። ጨው አልሰው ውኃ አጠጥተው የሚያቀርቡ አሉ፤ ስለዚህ የሚዳሰሰው ሆዱ ሳይሆን ጀርባው ነው። የአከርካሪው አጥንት በጣት ሥር እንደ መጋዝ ከቆረቆረ እንስሳው ከሲታ ነው። ውኃ ብቻ የሞላውን ለማወቅ ጥቂት ሰዓት ማሳደር ይበቃል።

ሰባት ሰው አንድ በሬ ሲጋራ ሌላ ስህተት ይመጣል። በሐነፊ መዝሀብ (የእስልምና ሕግ ትምህርት ወገን) ከሰባቱ አንዱ ሥጋ ፈልጎ ብቻ ከገባ የስድስቱም አይያዝም፤ በሻፊዒ ግን የሌሎቹ ይያዛል። ሥጋው በግምት ሳይሆን በሚዛን ይከፈላል። ለአራጁ ከሥጋው ወይም ከቆዳው ቀንሶ ለድካሙ መክፈል አይቻልም፤ ክፍያው በገንዘብ ነው፣ ከዚያ በኋላ በስጦታ ቢሰጠው ግን ችግር የለም።

ከጂዳ ወይም ከሚኒሶታ ገንዘብ ልኮ ወሎ ወይም ሐረር ላይ ማሳረድ ዛሬ የተለመደ ነው። ውክልናው ይፈቀዳል፤ የሚበላሸው በሰዓትና በስም ነው። አሳራጁ የብዙ ሰው ገንዘብ ተቀብሎ ለእያንዳንዱ ስም ሳይለይ ካረደ የማን እንደታረደ አይታወቅም። ዒድ በላኪው አገርና በሚታረድበት አገር በተለያየ ቀን ከዋለ ሊቃውንቱ ይለያያሉ፤ ሁለቱም ቦታ ዒድ በሆነበት ሰዓት ማሳረድ ከክርክሩ ያወጣል። ሥጋው ከታረደ በኋላ የሚሄድበትም ጉዳይ አለ። መካ አጠገብ ባለችው ሚና በሐጅ ወቅት የሚታረደው ብዛት ከተመጋቢው በልጦ ሲቀበር የኖረበት ዘመን ነበር፤ ሳዑዲ ዓረቢያ በ1983 ከእስላማዊ ልማት ባንክ ጋር የጀመረችው ፕሮጀክት ሥጋውን አቀዝቅዞ ለድሆችና ለሌሎች አገሮች እንዲደርስ አድርጓል።

ዝክርና ተዝካር

እስካሁን ያየነው ለመሠዊያ ወይም በሕግ ለተወሰነ እርድ የሚሆነውን ነው። በጸበል ጸሪቅና በተዝካር ላይ ግን ሕጉ ይገለበጣል፤ እዚህ ምግቡ ይቀመሳል፣ መቅመስም ያስፈልጋል። ዳቦው ዘይት ቢነካው፣ ጠላው ትንሽ ቢጎመዝዝ ሥርዓት አይፈርስም። እዚህ የሚፈተሸው የጥሬ ዕቃው ንጽሕና ሳይሆን ማን እንደበላው ነው። አብዛኛው ሰው የሚጨነቀው ግን በተቃራኒው ነው፤ ስለ ድፎው ቁመትና ስለ ወጡ ቅቤ ሌሊቱን ሲያስብ ያድራል፣ ስለ ነዳያን ግን ጠዋት ነው የሚያስበው።

ድፎውን በቁጥር ማሰብ ይረዳል። አምስት ኪሎ የስንዴ ዱቄት ሦስት ሊትር ያህል ውኃ ይጠጣል፤ ሲጋገር አንድ አሥረኛው ያህል በእንፋሎት ሄዶ 7.2 ኪሎ የሚያህል ዳቦ ይወጣዋል። ለአንድ ሰው 150 ግራም ቢቆረስ ወደ 48 ሰው ያዳርሳል። ውስጡ ሊጥ ሆኖ የሚቀረው አብዛኛውን ጊዜ ከላይ ያለው እሳት ሲበረታና ቅርፊቱ ቀድሞ ሲዘጋ ነው፤ ኮባው ጠርዙ ላይ መጥቆር ሲጀምር የላይኛውን ፍም ማሳነስ ነው። ሳይቀዘቅዝ የተቆረሰ ድፎም ውስጡ የበሰለ ቢሆን እንኳ ሊጥ ይመስላል። በማኅበር ዕለት ጸሎቱ ረዘም ሲል ባለቤቷ የምትደሰተው በከንቱ አይደለም።

ለአርባ ተዝካር የሚወጣው ወጪ በተለይ በከተማ ወደ ድግስ አዘንብሏል። ድንኳን፣ የኪራይ ወንበር፣ ጋዝ ያለው የታሸገ መጠጥ። የቤተ ክርስቲያን አባቶች ደጋግመው የሚያስተምሩት ተዝካር ጸሎተ ፍትሐት፣ ቅዳሴና ምጽዋት መሆኑን ነው፤ በዚህ በኩል ጠላው ቀርቶ የታሸገ መጠጥ መጣ ብሎ ማዘኑ ትንሽ ጉዳይ ነው። የሚከፋው ነዳያን የሚበሉበት ሰዓት ነው። ብዙ ቤት ተጋባዡ ተነስቶ፣ ሳህኑ ተሰብስቦ፣ ፀሐይ አዘቅዝቃ ሲበቃ ነው በሩ የሚከፈትላቸው፤ የሚደርሳቸውም የእንጀራ ቁራሽና የመረቅ ትራፊ ነው፤ ያውም ከጠዋት ጀምሮ ለብ ብሎ የቆየ፣ ሆድ የሚያሳምም። ሥራው ሲከፋፈል አንድ ሰው ለዚህ ብቻ ቢመደብ፣ መጀመሪያ የወጣው ወጥ ከድስቱ ላይ ሳይነካ በተለየ ጉድጓዳ ዕቃ ተጨልፎ ትኩስ እንዳለ ወደ ደጀ ሰላሙ ቢሄድ፣ ተጋባዡ ከዚያ በኋላ ቢቀመጥ ይበቃል። ለዚያ ድስት የሚሆነውን ሥጋና ሽንኩርት በግዢው ዝርዝር ላይ ለብቻ መጻፍ ያስፈልጋል፤ አንድ ላይ ከተጻፈ እንግዳ ሲበዛ የሚቀነሰው ከዚያ ነው።